አልለቅህም

ሐሙስ 6

ዛሬ ታክሲ ውስጥ ሰማሁት። ሾፌሩ ሬዲዮኑን ጨመረ፣ አጠገቤ ያለችው ሴትዮ ዓይኗን ጨፈነች፣ ከኋላ ያሉት ተማሪዎች አብረው ጮሁ። እኔ ሰፈሬ ሳልደርስ ወራጅ ብዬ ወረድኩና ዝናቡ እየደበደበኝ በእግሬ ቤቴ ገባሁ።

ዘፈኑ የወንድሜ ነው። ከተማው በሙሉ የዘፋኙ የዘንካታው ነው ብሎ አምኗል። እኔ ስናገር የሚሰማኝ ስላጣሁ ለዚህ ደብተር እነግረዋለሁ። ደብተር ቢያንስ «ተይው» አይልም።

የዛሬ ሦስት ዓመት ወንድሜ ልብስ ወደምናሰጣበት ጣሪያ ወጥቶ አልወርድም አለ። ለምን እንደወጣ ሁለታችንም እናውቀዋለን፣ እዚህ አልጽፈውም። የሹራቡን እጅጌ ጨብጬ አጠገቡ ቁጭ አልኩ። ልቀቂኝ ይላል፣ አልለቅህም እላለሁ። ሌላ ቃል አልመጣልኝም። የእኔ ሙያ ገመድ መጠቅለልና ስፒከር መስቀል ነው፣ ሰው ማጽናናት አላውቅበትም። ሲነጋ ተያይዘን ወረድን፣ እማዬ ሻይ አፈላች። ከሳምንት በኋላ ጊታሩን አንስቶ ያንኑ ቃል ዘፈን አደረገው።

ሮክ ነው። ጊታሩ ያጓራል፣ ከበሮው በር የሚደበድብ ሰው ይመስላል። ግጥሙ ግን እንዲህ ነው፦

ጨለማው ቢረዝም፣ ጣሪያው ቢያዳልጥህ፣
እጅህ ቢዝል እንኳ፣ እጄ አለ፣ አልለቅህ።

ያኔ ሦስት ነበሩ። ወንድሜ ጊታር፣ ዘንካታው ድምፅ፣ ጭጭ ከበሮ። ዘንካታው ያልነው ቁመናውን ወደንለት ነው። ጭጭ ደግሞ እጁ እንጂ አፉ አይናገርም። እኔ ከምሠራበት የድምፅ ዕቃ አከራይ መጋዘን ውስጥ ቀዳኋቸው። መጨረሻ ላይ «አልለቅህም» የምትለው ቃል ወደ ላይ ትወጣና እዚያው ትቆያለች። ዘንካታው አልደረሰባትም። ሞከረ፣ ድምፁ ተሰነጠቀ፣ ውሃ ጠጣ፣ ደግሞ ሞከረ፣ በመጨረሻ ጉንፋን ይዞኛል አለ። ወንድሜ ማይኩ ፊት ቆመና በአንድ ትንፋሽ ወሰዳት።

ከዚያ ያ ነገር ተመልሶ ወንድሜን ያዘው። ክፍሉን ዘጋ። ዘንካታው «ቤት ወስጄ ልስማው» ብሎ ቅጂውን ተቀበለኝ። ከእኔ እጅ! ዘንድሮ በራሱ ስም አወጣው፣ ከነወንድሜ ድምፅ። የወጋ ቢረሳ የተወጋ አይረሳም። ይጠብቀኝ።

ቅዳሜ 8

ዘንካታው ሬዲዮ ላይ ቀረበ። ጠያቂዋ ይህን ዘፈን እንዴት ጻፍከው አለችው። ድምፁን ዝቅ አድርጎ፣ ተስፋ በቆረጥኩበት አንድ ሌሊት ጣሪያ ላይ ወጥቼ ነበር አለ። ጣሪያ! የእሱን ቤት አውቀዋለሁ። ጣሪያው ተዳፋት ቆርቆሮ ነው፣ ድመት እንኳ አስባበት ነው የምትወጣው። ጠያቂዋ ግን ልታለቅስ ምንም አልቀራት።

ዘፈኑን ሰረቀ፣ እሺ። ድምፁን ሰረቀ፣ እሺ። ያን ሌሊት ግን እንዴት ይሰርቃል? ያን ሌሊት እኔ ነበርኩበት። ጣቶቼ እስከ ምሳ ሰዓት አልዘረጋ ብለውኝ ነበር።

እማዬ የሰው ቀሚስ እያጠበበች አብራኝ ትሰማ ነበር። ፊቷ ላይ ንዴት ፈልጌ አጣሁ። ላይኛዋ ድምፅ ስትመጣ የስፌት መኪናውን አቆመች። «ልጄ በየሰው ቤት እየገባ ነው» አለች፣ ለራሷ። ሌባ በጆንያ ተሸክሞት ነው እንጂ የሚገባው አልኳት። «ቂም ይዞ ጸሎት፣ ሳል ይዞ ስርቆት» ብላኝ መርገጫውን ረገጠች። የምጸልይ መስሏታል እንዴ?

ሰኞ 10

ቤታችን ሦስተኛ ፎቅ ነው፣ ከሥሩ ጎሚስታ አለ። ጎማ እየነቀለ ቀኑን ሙሉ ሬዲዮ ያስጮኻል። ከሥራ ስመለስ ያው ዘፈን። ቀና ብዬ ሳይ ወንድሜ መስኮቱን ወለል አድርጎ ከፍቶ፣ ግንባሩን ፍሬሙ ላይ አስደግፎ ቆሟል። ስንት ወር ሙሉ መጋረጃው እንኳ ያልተነካ መስኮት ነው። የገዛ ቁስሉን ቆሞ ያዳምጣል።

ጎሚስታውን ዝጋ አልኩት። ሬዲዮ እኮ ነው አለኝ፣ ምን አደረገሽ። ቤት ውስጥ የታመመ ሰው አለ፣ ዝጋ ብያለሁ አልኩት። ሰውየው ጎማውን ጥሎ እጁን በጨርቅ እየጠረገ ሄዶ ዘጋው፣ እያጉረመረመ።

ወንድሜም መስኮቱን ዘጋ። እራትም አልበላም። ይኸው፣ ምን ያህል እንደሚያመው። እኔ ቀደም ብዬ ብደርስ ኖሮ መጀመሪያውንም አይሰማውም ነበር።

ረቡዕ 12

በችኮላ። አለቃዬ ትልቁን አዳራሽ ይዘናል አለ። ኮንሰርት፣ የሚመጣው ወር ቅዳሜ 6። የማን? የዘንካታው! የድሮ ነገር እንዳለን ስለሰማ ሌላ ሰው ልመድብ ወይ አለኝ። ድምፅ መቆጣጠሪያው ሚክሰር ላይ እኔ ነኝ የምቆመው አልኩት። ትክ ብሎ አየኝ። ሳቅሁለት። ከልቤ ነው የሳቅሁት።

ዓርብ 14

እግር ጥሎት እጄ ገባ።

ነገሩ እንዲህ ነው። ዘንካታው መድረክ ላይ ላይኛዋን ድምፅ አይዘፍናትም፣ አይችልማ። ጭጭ ከከበሮው ጎን ላፕቶፕ ያስቀምጣል። ከዚያ የወንድሜ ድምፅ በገመድ ወደ እኔ ሚክሰር ትመጣለች፣ በራሷ መስመር፣ በራሷ ቻናል፣ ብቻዋን። እኔ እለቃታለሁ፣ ዘንካታው እጁን ዘርግቶ ራሱን ወደ ኋላ ጥሎ አፉን ይከፍታል፣ ሕዝቡ ያብዳል። ሥራው በሙሉ አፍ መክፈት ነው።

ያቺ ቻናል ላይ አንዲት ቁልፍ አለች። ስትጫኛት ቀይ ትበራለች፣ ድምፁ ይሞታል። በቃ። አንድ ጣት ነው የሚፈጀው። ሰው ሁሉ ትንፋሹን ይዞ ሲጠብቅ፣ እሱ አፉን እንደከፈተ፣ ባዶ! ዝንብ ትግባበት። ያ ሁሉ ሰው እያየው ልኩን ይወቅ።

አለቃዬ የሚላት ነገር አለች። «እኛን ሰው አያየንም፤ ከታየን አጥፍተናል ማለት ነው።» እዚህ ሥራ ከገባሁ ጀምሮ የማንም ድምፅ በእጄ ሞቶ አያውቅም። ይህን ስጽፍ ትንሽ ቀዘቀዝኩ። ይሁን። ሥራውም ይቅርብኝ፣ የእሱን ጉድ ልይ።

እሑድ 16

ለወንድሜ ነገርኩት። እቅዱን አይደለም፣ እሱ ለቀኑ ይቆየው። የዘንካታውን ኮንሰርት የምሠራው እኔ መሆኔን ብቻ። ይከፋዋል ብዬ ፈርቼ ነበር። ማንኪያውን አስቀመጠ። ስፒከሮቹ የትኞቹ ናቸው አለ። ትልልቆቹ አልኩት። ተሰቅለው ነው ወይስ መሬት ላይ? ተሰቅለው። ከዚያ ሾርባውን እያማሰለ፣ ላይኛዋ ድምፅ ከኋላ ድረስ ጥርት ብላ ትሰማ እንደሆነ ጠየቀኝ።

ገብቶታል! ምንም ሳልለው ገብቶታል፣ የአንድ እናት ልጆች አይደለን። ሌባው ሲዋረድ ከኋላ የቆመው ሳይቀር እንዲያውቅ ፈልጓል። አንተ ምን አስጨነቀህ አልኩት፣ በር ላይ ያለው ዘበኛ ሳይቀር ይሰማታል። ሁለተኛ ሳህን አስጨመረ። በቀል የምግብ ፍላጎት እንደሚከፍት አላውቅም ነበር።

ማክሰኞ 18

መታጠቢያ ቤት ገብቶ አልወጣ አለ። ውሃው ይፈሳል፣ ከውሃው ሥር የሆነ ድምፅ ይሰማል። ረዘም ይልና ይቋረጣል፣ ደግሞ ይጀምራል። እሱ ሲያለቅስ መስማት አልችልም። ደህና ነህ ወይ ማለት ፈርቼ በሩን ደበደብኩና ውሃ ጨረስክብን አልኩት። ጸጥ አለ። ፊቱ ቀልቶ፣ ጉሮሮውን እየጠራረገ ወጣ። እማዬ ክንዴን በጣቷ ነካ አድርጋ «ምናለ ብትተይው» አለችኝ። ለሁሉም ነገር «ተይው»።

ይቺም የዘንካታው ሒሳብ ላይ ትጻፍ።

ሐሙስ 20

ጭጭ ስለ ገመዶቹ ሊነጋገር መጋዘን መጣ። ከበሮው ምን ያህል ማይክ እንደሚፈልግ፣ ላፕቶፑ በየት በኩል እንደሚገባ። ሥራውን ጨርሰን ሊሄድ ሲል ዘንካታው ስለ ወንድምሽ ይጠይቃል አለኝ። ምን ብሎ? ደህና ነው ወይ ብሎ። የሰው ሚስት ቀምቶ ለባልየው ሰላም በሉልኝ ማለት ይሉሃል ይህ ነው። እስቲ አንተስ አልኩት፣ የዘፈኑ ባለቤት ማን እንደሆነ እያወቅህ እንዴት አብረኸው ትሠራለህ። ስሙ ይጠራ ብዬው ነበር፣ በኋላ አለኝ አለ። በኋላ!

ከዚያ ጭጭ ከተዋወቅን ጀምሮ ያልተናገረውን ያህል ተናገረ። «ያቺ ድምፅ ስትመጣ እኔ ዓይኔን እጨፍናለሁ። እሱ ከጎኔ የቆመ ይመስለኛል። በየማታው ለእሷ ብዬ ነው የምመታው።»

በሆዴ፣ የኮንሰርቱ ቅዳሜ ዓይንህን ባትጨፍን ይሻልሃል አልኩ።

ቅዳሜ 22

ወንድሜ ወጥቶ ፀጉሩን ተቆረጠ። ብቻውን! ፀጉር አስተካካዩ ከጆሮው በላይ አበላሽቶታል፣ ግን ሰው መስሏል። እማዬ ሲመለስ አገላብጣ ሳመችው። ከዚያ የክት ኮቱን ከቁም ሳጥን አውጥታ ተኮሰች፣ የወለቀውን ቁልፍ ተከለች፣ በር ጀርባ ሰቀለችው። ያን ያህል ጊዜ ያልለበሰውን ኮት ለሰው ልትሰጠው ነው መሰለኝ። አልጠየቅኋትም። ከዚያች ከቂሟ ተረት ወዲህ ብዙ አንነጋገርም።

ማክሰኞ 25

ሥራ በዛ። ሁለት ስብሰባ፣ አንድ ምረቃ። ማይክ ሲሰጣቸው «ይሰማል? ይሰማል?» የሚሉ ሰዎች ዕድሜዬን ጨረሱት። ገመድ መዳፌን ላጠው።

ፖስተሩ በየግድግዳው ነው። ፊቱ ከአውቶቡስ ይበልጣል። ማንም ሳያየኝ አንዱ ላይ የፊት ጥርሱን በማርከር አጠቆርኩት። የልጅ ሥራ ነው። ደስ አለኝ።

ዓርብ 28

አለቃዬ ዛሬ አዲስ ለገባችው ልጅ እኔን እያሳየ «ከእሷ ተማሪ፣ በእሷ እጅ ድምፅ አይሞትም» አላት። ልጅቷ በአድናቆት አየችኝ።

ልተወው ይሆን ብዬ ነበር። ከዚያ ወደ ቤት ስመለስ አንድ ሱቅ በር ላይ ሦስት ሰዎች ስለ ዘፈኑ ሲያወሩ ሰማሁ። አንደኛዋ እናቴ የሞተች ጊዜ ይሄ ሰው ነው ያተረፈኝ ትላለች። ይሄ ሰው! ዘንካታው! የትኛውን ሰው ነው ያተረፈው? የማንን እጅጌ ይዞ ያውቃል?

ቃሉ የእኔ ነው። ዘፈኑ የወንድሜ ነው፣ ግን ቃሉን ያልኩት እኔ ነኝ፣ እየበረደኝ፣ እየፈራሁ። ይህን ማንም አይልም። ሬዲዮው አይልም፣ እማዬ አትልም፣ ወንድሜም አንድ ቀን ብሎኝ አያውቅም። ምን ይህን አስጻፈኝ? የምናወራው ስለ ሌባው ነው።

አልተውም።

ሰኞ 1

ወንድሜ ዛሬም ጠየቀኝ። አዳራሹ ድምፅ ይመልሳል ወይ? ሰው ሲሞላ አይመልስም አልኩት። መጨረሻ ላይ ሙዚቃው ጸጥ ሲል እሷ ብቻዋን ትቀራለች አይደል? አዎ፣ ብቻዋን። ራሱን ነቀነቀ። እንዲህ በፍላጎት ሲያወራ ካየሁት ቆይቷል። በቀሌ ገና ሳይፈጸም እያዳነው ነው። ለእማዬ እንዲህ ብላት ደስ ባለኝ።

ሐሙስ 4

ዕቃ ጫንን። መኪናው በእኛ በር ሲያልፍ የረሳሁትን ጓንት ላነሳ ቆምኩ። ወንድሜ ጓንቱን ይዞልኝ እስከ መንገድ ወረደ። ጎሚስታው ሥራውን አቁሞ አየው። ወንድሜ የመኪናውን ጀርባ ከፍቶ ስፒከሮቹን ተመለከተ፣ አንዱን በመዳፉ መታ መታ አደረገው፣ እንደ ፈረስ።

«እትዬ፣ ቅዳሜ በአንቺ እጅ ነኝ» አለኝ።

እንዲህ ብሎኝ አያውቅም። ዓይኔ እንባ ሞላ። አልለቅህም ልለው ነበር፣ ሾፌሩ ጥሩንባ ነፋ።

ዓርብ 5

ድምፅ ስንሞክር ዋልን። ዘንካታው ዘግይቶ መጣ፣ ጥቁር መነጽሩን እንዳደረገ፣ አዳራሽ ውስጥ። አቀፈኝ። «እህታችን» አለኝ። እህታችን! ሽቶው ልብሴ ላይ ቀረ። ስለ ወንድሜ ጠየቀ፣ መልሱን ሳይሰማ ስለ ሞኒተሩ፣ መድረክ ላይ ራሱን ስለሚሰማበት ስፒከር ጠየቀ። ከዚያ ጠጋ ብሎ፣ ላይኛዋን ድምፅ ትንሽ ከፍ አድርጊልኝ፣ ሰውን የምታነሳው እሷ ናት አለ። እሷን ለእኔ ተዋት አልኩት።

ጭጭ ለሙከራ ብቻዋን ለቀቃት። የወንድሜ ድምፅ ባዶውን አዳራሽ ሞላችው። ወለል የምታጸዳው ሴትዮ መጥረጊያዋን አቆመች። እኔ ራሴ እንዲህ ትልቅ ሆና ሰምቻት አላውቅም። መጋዘን ውስጥ ስቀዳት አፍንጫው ተደፍኖ፣ ሹራቡ ክርኑ ላይ ተቀዶ ነበር። ሳጥን ላይ ተቀመጥኩ።

«ጥሩ ናት» አለ ዘንካታው፣ የገዛ ዕቃውን እንደሚያደንቅ ሰው። ተነሳሁ። ልቤ ተመልሶ ደነደነ።

ቅዳሜ 6፣ ጠዋት

ለእማዬ ዛሬ አትጠብቁኝ አልኳት። ማን ይጠብቅሻል ብላ ሳቀች። ከልጇ ጋር ተያይተው ሳቁ። አልገባኝም፣ ጊዜም የለኝ። ቀይዋ ቁልፍ። አንድ ጣት።

እሑድ 7

እጽፈዋለሁ፣ እንደሆነው።

አዳራሹ ጢም ብሎ ሞላ። ዘንካታው ያን ዘፈን ለመጨረሻ አቆየው። ከመጀመሩ በፊት የጣሪያውን ወሬ አወራ፣ አሁን ደግሞ ዝናብ ጨምሮበታል። ያን ሌሊት ዝናብ አልነበረም። ጥርሴን ነከስኩ። ጭጭ መታ፣ ጊታሩ ገባ፣ ሕዝቡ ከመጀመሪያው ቃል ጀምሮ አብሮ ጮኸ። ላይኛዋ ልትመጣ ስትል ሙዚቃው ጸጥ ይላል፣ ወንድሜ ሲሠራው እንደዚያ ነው የሠራው። ጸጥ አለ። ዘንካታው እጁን ዘረጋ፣ ራሱን ወደ ኋላ ጣለ፣ አፉን ከፈተ።

ተጫንኳት። ቀይ በራች።

ባዶ። እንዳሰብኩት። ዘንካታው የጨፈነውን ዓይኑን ከፈተ። የራሱን ድምፅ ሊያወጣ ሞከረ፣ ዘይት ያጣ በር የመሰለ ነገር በማይኩ መጣና ተቆረጠ። ጭጭ ከከበሮው ኋላ ወደ እኔ ዞረ። የዘንካታው ፊት ላይ ያየሁት ፍርሃት እውነተኛ ነበር። ያቺ ትንፋሽ የእኔ ነበረች። አልዋሽም፣ ጣፈጠችኝ።

ከዚያ ዘንካታው ማይኩን ገልብጦ ወደ ሕዝቡ ዘረጋው። በቃ፣ ይኸው ነው። አዳራሹ በሙሉ አልለቅህም ብሎ ተነሳ፣ የማይችለውም የሚችለውም፣ ወፍራሙም ቀጭኑም። የማይተዋወቁ ሰዎች ተቃቀፉ። ሌባው እጁን ደረቱ ላይ አድርጎ ጎንበስ አለ፣ እንባውም መጣለት። አለቃዬ ከኋላዬ መጥቶ ትከሻዬን መታ መታ አደረገኝና፣ ይቺን ማን አሰባት፣ ግሩም ናት፣ ሁልጊዜ እንዲህ ይሁን አለኝ።

ዞር ስል ነው ያየኋቸው። መጨረሻ ላይ፣ በሩ አጠገብ። ወንድሜ ኮቱን ለብሷል፣ እማዬ ክንዱን ይዛዋለች። ሰው ሁሉ መድረኩን ሲያይ እሱ የሚያየው የተሰቀሉትን ስፒከሮች ነው። አንገቱን አቅንቶ፣ አፉን ትንሽ ከፍቶ፣ ይጠብቃል። ዘፈኑ አለቀ፣ መብራት በራ፣ ሰው መውጣት ጀመረ። እሱ አሁንም ስፒከሩን ያያል።

ሰው እየገፋሁ ሄድኩ። እማዬ አንገቷን ደፋች። ልናስደንቅሽ ነበር አለች፣ ከድምፁ ጋር አብሮ ሊዘፍናት፣ እዚህ ከኋላ ሆኖ፣ ስንት ቀን ውሃ ከፍቶ ሲለማመዳት። አልጨረሰችውም።

ወንድሜ አየኝ። አልተቆጣም። ብቻ ሊገባው ፈልጎ ነው የጠየቀኝ።

«እትዬ፣ እኔን ለምን ዘጋሽኝ?»

እሱን እኮ ነው ልል አፌን ከፈትኩ። ድምፅ አልወጣልኝም።

ማክሰኞ 9

በሩ ተዘግቷል። መስኮቱም፣ መጋረጃውም። እማዬ ምግብ በር ላይ ታስቀምጣለች፣ እንዳስቀመጠችው ታነሳለች። ኮቱ ወንበር ላይ እንደተጣለ ነው፣ ማናችንም ልንነካው አልደፈርንም።

ዘንካታው ስልክ ደወለ። ሊያመሰግነኝ! ያቺ ነገር አሪፍ ነበረች፣ በሚቀጥለውም እናድርጋት አለ። የዘጋሁት ድምፅ የወንድሜ ነው፣ ጣሪያውም የእኛ ነው፣ ዝናብም አልነበረም አልኩት። እሱን በኋላ እናወራበታለን አለ። ሰደብኩት። የማውቀውን ስድብ በሙሉ ሰደብኩትና ሲያልቅብኝ ከአለቃዬ የሰማሁትን ጨመርኩ። ስልኩን ከዘጋሁ በኋላ ምንም አልቀለለኝም። እሱን ይቅር አላልኩትም፣ አልልምም። ግን ሳስበው የነበረው ፊት ጠፋብኝ። ዓይኔን ስጨፍን የሚመጣልኝ ያ ወደ ስፒከር የቀና አንገት ነው።

ከሥራ መልስ ወንድሜ በር ላይ ቁጭ አልኩ። እጄን እጀታው ላይ አድርጌ። ያን ሌሊት ልቀቂኝ ይል ነበር። አሁን ምንም አይልም።

ሐሙስ 11

ዛሬ ሥራ አልገባሁም። ወርጄ ጎሚስታውን ሬዲዮውን ክፈተው አልኩት።

ከላይ እስከ ታች አየኝ። አንቺ አይደለሽ እንዴ ዝጋ ያልሽኝ፣ የታመመ ሰው አለ ብለሽ? አሁንም አለ አልኩት፣ ለእሱ ነው። ከፈተው። ዜና ነበር። ከዜናው በኋላ የሳሙና ማስታወቂያ፣ ከዚያ ስለ እግር ኳስ የሚጨቃጨቁ ሰዎች። ዘፈን በትእዛዝ አይመጣም አለኝ። እጠብቃለሁ አልኩት። አሮጌ ጎማ ገፋ አደረገልኝና ተቀመጥኩበት። ደንበኛ መጣ፣ ሄደ። ዝናቡ ጀመረ፣ አባራ። ጎሚስታው ምሳውን አካፈለኝ። ለምን እንደምጠብቅ አልጠየቀኝም።

ከሰዓት በኋላ መጣ። መጀመሪያ ያው የዘንካታው ድምፅ፣ ያው ሽቶው የሚሸተኝ ድምፅ። ልነሳና ልሄድ ነበር። ወንድሜ ጋ የሚደረሰው ግን በእሱ በኩል ነው፣ ሌላ መንገድ የለም። ጥርሴን ነክሼ እስከ መጨረሻው ሰማሁት። ሙዚቃው ጸጥ አለ። እሷ መጣች።

ጎሚስታው መፍቻውን አወረደ። «ይቺን ቦታ እወዳታለሁ። ይሄ ግን ሌላ ሰው ነው አይደል? የዘፋኙ ድምፅ አይደለም» አለ፣ ጆሮውን ወደ ሬዲዮው አዘንብሎ።

እኔ እኮ ከተማው በሙሉ ደንቆሮ ነው ብዬ ነበር።

«ወንድሜ ነው!» አልኩት። ጮኼ ነው ያልኩት፣ መንገዱ ሁሉ ዞሮ አየኝ። «የሚዘፍነው ወንድሜ ነው፣ ዘፈኑንም የሠራው እሱ ነው፣ ሦስተኛ ፎቅ ነው ያለው!»

ጎሚስታው ወደ ላይ ቀና አለ። አንዲት አላፊ ሴትዮም ዘምቢሏን እንደያዘች ቀና አለች። መጋረጃው አልተነቃነቀም። ላይኛዋ ድምፅ አለቀች፣ ከበሮው ተመልሶ ገባ። ጎሚስታው እጁን ዘርግቶ ሬዲዮውን እስከ መጨረሻው ጨመረው። አሮጌው ስፒከር እያቃሰተ፣ የዘፈኑ መዝጊያ ላይ እሷ እንደገና ተመለሰች።

መስኮቱ ተከፈተ። ወንድሜ አንገቱን አወጣ፣ ፀጉሩ በአንድ በኩል ተኝቷል፣ ጺሙ አድጓል። እኔን አየ፣ ጎሚስታውን አየ፣ ሬዲዮውን አየ።

«እትዬ» አለ፣ በሻከረ ድምፅ፣ «ትሬብሉ በዝቷል። ቀጭኑ ድምፅ ጆሮዬን በላው።»

ጎሚስታው የትኛው ቁልፍ እንደሆነ አያውቅም። ተነስቼ እጄን ልብሴ ላይ ጠረግሁና ራሴ ቀነስኩለት። ትንሽ ብቻ።